የአባቴ ሰሊጥ በሙሉ ድምፅ

ይህን የምጽፈው እኔ ትርንጎ ሙላው ነኝ። ስሜን ያስቀደምሁት ለጉራ አይደለም። እሺ፣ ትንሽ ለጉራም ነው። ዋናውን ምክንያት ግን መጨረሻው ላይ ስትደርሱ ታገኙታላችሁ።

ነገሩ ሲሆን አሥራ አምስት ዓመቴ ነበር። ስምንተኛ ክፍልን ጨርሻለሁ። ከመተማ ዮሐንስ ባጃጅ እስከቻለበት ተሂዶ የቀረው በእግር በሚደረስባት መንደራችን የሁሉም ሰው ጸሐፊ ነበርሁ። ጸሐፊ ስላችሁ ወንበርና ማኅተም ያለኝ እንዳይመስላችሁ። የእድሩን ስም ዝርዝር እገለብጣለሁ፤ ለቀበሌ የሚገባ ማመልከቻ እጽፋለሁ፤ ሱዳን፣ ገዳሪፍ ለሥራ ለተሻገረ ልጅ እናቱ የምትለውን በስልክ መልእክት እልካለሁ። እጅ ጽሑፏ ያምራል ይሉኛል። የምጽፈው ሁሉ ግን የሌላ ሰው ቃል ነበር። የራሴ የምለው አንድ መስመር አልነበረኝም፤ እንዲኖረኝም አስቤ አላውቅም።

የምፈልገው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ገንዳ ውኃ ሄጄ ዘጠነኛ ክፍል መግባት። ትምህርት ከተጀመረ ሰንብቷል፤ የገበሬ ልጅ መኸር ላይ እንደሚሆን ስለሚታወቅ ግን እስከ ጥቅምት መጨረሻ ይመዘግባሉ። አባቴ ቁርጡን ነግሮኛል። «ሰሊጡ ሸራ ላይ ሲወርድ ባይኔ ካየሁ ትሄጃለሽ። ካልሆነ መተማ ዮሐንስ፣ አክስትሽ ዘንድ ነው» ብሎኛል። አክስቴ ድንበሩ አጠገብ ለከባድ መኪና ሹፌሮች ሻይ ታፈላለች። አንድ ክረምት ረድቻት ሹፌሮቹ ለሴት ልጅ ምን ምን እንደሚሉ ስለሰማሁ፣ ያ ሰሊጥ ለእኔ ሰሊጥ ብቻ አልነበረም።

ለደጋ ሰው አንድ ነገር ማስረዳት አለብኝ። ሰሊጥ ከታጨደ በኋላ በነዶ በነዶ ታስሮ፣ አፉን ወደ ሰማይ አድርጎ፣ እርስ በርሱ ተደጋግፎ ማሳው ላይ ይቆማል። ያንን ክምር ሂላ እንለዋለን። ፀሐይ ሲመታው ፍሬውን የያዘው ከረጢት ከጫፉ ይሰነጠቅና አፉን ይከፍታል። ከዚያ ወዲያ ሂላ የሚነካው አንድ ቀን ብቻ ነው፤ ሥሩ ሸራ ተነጥፎ፣ ነዶው ተገልብጦ፣ በዱላ እየተመታ የሚራገፍ ዕለት። ከዚያ በፊት የነካው ሰው ፍሬውን ለመሬት መገበረ ማለት ነው። የስድስት ዓመት ልጅ ሳለሁ በሂላዎች መካከል ስሮጥ አባቴ ይዞ የቆነጠጠኝ ቁንጥጫ እስከ ዛሬ ጆሮዬ ላይ አለ።

ሂላው ሁሉ አፉን በከፈተበት በዚያ ሳምንት ነው እንግዲህ ናትናኤል የመጣው።

ከአዲስ አበባ ነው የመጣው። ጫማው ለጭቃ የተሠራ ነው፤ በጥቅምት እኛ አገር ጭቃ የለም። ብዙ ኪስ ያለው ሰደርያ ለብሷል፤ ከኪሶቹ ሁሉ ሲያወጣ ያየሁት ማስቲካ ብቻ ነው። «ናቲ በሉኝ፣ አንተ በሉኝ» አለን በመጀመሪያው ቀን። ማንም አላለውም። ሰዎቻችን «ጌታው» እና «እርስዎ» እያሉት ሰነበቱ፤ እሱም በየጊዜው እያፈረ በየጊዜው ደስ ይለዋል።

ፊልም ሠሪና አርቲስት ነኝ አለ። እንደ ሌሎቹ ፊልም ሠሪዎች ግን መጥቶ ቀርጾ የሚሄድ አይደለም፤ ፊልሙን የምትሠሩት እናንተ ናችሁ፣ እኔ አመቻች ብቻ ነኝ አለ። የመንደራችን ሽማግሌ አያ ጓዴ ከልባቸው ግራ ገብቷቸው፣ «እኛው ከሠራነው እርስዎ ምን ሊሠሩ መጡ?» ብለው ጠየቁት። ናቲ ሳቀና ንግግራቸውን ማስታወሻው ላይ ጻፈው።

አሠራሩ እንዲህ ነበር። ማንኛውም ነገር ከመቀረጹ በፊት ራኩባው ሥር፣ ማለትም ከማሳው ዳር በአገዳ በተሠራው ጥላ ሥር፣ መንደሩ ይሰበሰባል። ናቲ ሐሳቡን ያቀርባል፤ ሰው እጁን እያወጣ ድምፅ ይሰጣል። ውሳኔው ሽፋኑ ላይ «የማኅበረሰቡ ደብተር» ብሎ ራሱ በጻፈበት ደብተር ይመዘገባል። መዝጋቢዋ እኔ ሆንሁ። ከዚህም ሌላ ማንኛውም ሰው ለፊልሙ ሐሳብ ከመጣለት ለእኔ እንዲነግረኝና እንድጽፈው፣ ናቲ ደግሞ በየቀኑ ከምሳ በኋላ እንዲያነበው ተባለ። በስድስት ቀን ውስጥ ሐሳብ ይዞ የመጣ ሰው የለም። አንድ ጎረቤታችን መጥቶ የካሜራው ባትሪ ስልክ ይሞላ እንደሆነ ጠይቆኛል። ስለዚህ በየቀኑ፣ በዚያ በሚያምር እጅ ጽሑፌ፣ «ዛሬም ሐሳብ የለም» እያልሁ ጻፍሁ።

ድምፁ ግን ሁልጊዜ ሙሉ ነበር። በሁለተኛው ቀን ጀርባችንን ለካሜራው ሰጥተን እንቁም አለ፤ በሙሉ ድምፅ ጸደቀ። አርባ የሚሆን ሰው ግማሽ ሰዓት ሙሉ ቁጥቋጦ ሲያይ ቆመ። በአራተኛው ቀን እያንዳንዱ ሰው ድንጋይ አንስቶ ለድንጋዩ ስሙን ይንገረው አለ። ይኸም ጸደቀ። አያ ጓዴ ሰባ ዓመት የኖሩበትን ስማቸውን ከነአባታቸው ለድንጋይ ሲናገሩ አየሁ፤ ወዲያው ዘወር ብለው አፍንጫቸውን ተናፈጡ።

ናቲ ይህን ሁሉ እጅ ሲያይ ዐይኑ ውኃ ይሞላል። ሐሳቡን የወደዱለት መስሎታል። ነገሩ ሌላ ነው። ሰውየው ከሩቅ መጥቷል፤ ውኃችንን ጠጥቶ ሁለት ቀን ታሟል፤ ተሽሎት ደግሞ ተመስገን ብሎ ተነሥቷል። እንዲህ ያለውን እንግዳ ፊቱ ላይ «አይሆንም» የሚለው ማነው? ሁሉም ሌላው ሰው እንዲልለት ይጠብቃል። ሌላውም ሌላውን ይጠብቃል። በዚህ መሀል እጅ ሁሉ ይወጣል።

በሰባተኛው ቀን ከሰዓት በኋላ ናቲ በዱላ መሬት ላይ እንደ ቀንድ አውጣ ዛጎል የተጠመዘዘ መስመር ሣለልን። ከጉብታው ሥር ያለው ማሳ ላይ ያሉት ሂላዎች እንዲህ ሆነው ቢቆሙ ብሎ ጠየቀ። እሱ ጉብታው ላይ ወጥቶ ይቀርጻል፤ ከሰማይ ሆኖ የሚቀርጸውን ድሮን የሚባለውን ማምጣት አይፈቀድም አለ፤ ያንን ቃል እየሳቀ ሲያነሣ ግን ከእኛ ማንም አልሳቀም።

«አሁን ሂላዎቹ የቆሙት በመስመር ነው» አለ። «መስመር የትራክተር ሐሳብ ነው። ጠመዝማዛ ግን የሰው ሐሳብ ነው።»

ከጉብታው ሥር ያለው ማሳ የአባቴ ነው።

ዝም ተባለ። ገበሬ ዝም ሲል እንዴት ዝም እንደሚል የማያውቅ ሰው፣ የሚያስብ ይመስለዋል። ናቲም መሰለውና ታገሠ። እዚያ ከተቀመጠው ሰው መካከል የከፈተ ሂላ ሲነሣ ምን እንደሚሆን የማያውቅ ሕፃን እንኳ አልነበረም። ከዚያ «የተስማማ እጁን ያውጣ» አለ።

መጀመሪያ የወጣው የአያ ጓዴ እጅ ነው። ኋላ ሲናገሩ፣ «ሙላው አይሆንም ይላል ብየ ነው፤ እኔ በምን አንደበቴ እንግዳ አሳፍራለሁ» አሉ። አባቴ የእሳቸውን እጅ አየ። ካወጡ በኋላ እሱ ቢተው ሽማግሌውን በእንግዳ ፊት ማዋረድ ሆነበት። አወጣ። ከኋላ ከሴቶቹ ጋር የተቀመጠችው እናቴ የባሏን እጅ አየች። አወጣች። እኔ እጅ መቁጠር ሥራዬ ስለሆነ ከደብተሩ ቀና አልሁና ስቆጥር፣ አንድ እጅ በጣም ቅርብ ሆነብኝ። የራሴ ግራ እጅ ነበር። በቀኜ እስክሪብቶ ይዣለሁ፤ ግራዬ ወደ ላይ ወጥታለች። ማን እንዳዘዛት አላውቅም። የዚያን ዕለት እንደናቅኋት የናቅሁት ሰው የለም።

«በሙሉ ድምፅ ጸድቋል» ብዬ ጻፍሁ። ፊደሎቹ ያምሩ ነበር።

ወደ ቤት ስንሄድ እናቴ ከፊት ሆና፣ ሳትዞር፣ «እጅህን ምን አወጣው?» አለችው።

«የአያ ጓዴ ወጥቶ የኔ ይቅር?»

«ሰሊጡ የአያ ጓዴ ነው?»

«አንችስ አላወጣሽም?»

ሁለቱም ወደ እኔ አዩ። እኔ መንገዱን አየሁ።

በማግስቱ ማለዳ የመጀመሪያውን ነዶ ያነሣው አባቴ ራሱ ነው። እንደ ተኛ ሕፃን ታቀፈው። ሲሄድ ፍሬው ኮሌታው ውስጥ፣ ጢሙ ውስጥ፣ ትከሻው ላይ እየረገፈ ድምፁ ሽሽሽ ይል ነበር። ከኋላው ደረቁ ጥቁር አፈር ላይ ቀጭን ነጭ መስመር ተከተለው። ሌሎቹም ተከተሉ፤ ሌላም ነጭ መስመር፣ ሌላም። ናቲ እያንሾካሾከ፣ «ቀስ በሉ፣ በጣም ቆንጆ ነው፣ አትቸኩሉ» ይላል። የአባቴ ሰሊጥ እየፈሰሰ፣ አትቸኩሉ።

ያን ሰሞን ለማራገፍ ከጎጃም የመጣ ደሳለኝ የሚባል ሠራተኛ ማሳችን ዳር ያድር ነበር። ተነሥቶ አየና፣ «እናንተ ሰዎች፣ በጤናችሁ ነው?» አለ። ድምፅ ተሰጥቶበት የተወሰነ ነው አልሁት።

«እኔ አልመረጥሁም» አለና ዱላውን አስቀምጦ ተቀመጠ።

እውነቱን ነው። ናቲ ስብሰባ ሲጠራ ሠራተኞቹን ጠርቶ አያውቅም። በማሳችን ላይ የሚያጭደውም፣ የሚያስረውም፣ የሚያራግፈውም ሰው በናቲ አቆጣጠር ማኅበረሰብ አልነበረም። ጤነኛ ሆኖ የቀረው በዚያ ምክንያት ይመስለኛል።

አሥራ አንደኛው ሂላ ሲነሣ አላስቻለኝም። ሄጄ ናቲን፣ «ፍሬው እያለቀ ነው። የደረቀ ሂላ አይነሣም። ሁሉም ያውቃል፤ እርስዎን አፍረው ነው» አልሁት። በአንድ ትንፋሽ ነው የተናገርሁት፤ ከዚያ በፊት ለትልቅ ሰው እንዲህ ተናግሬ አላውቅም።

እጁን ደረቱ ላይ አደረገ። «ይሄ በጣም ጠቃሚ ድምፅ ነው» አለ። «ግን እኔ መወሰን አልችልም፣ ትርንጎ። ለኮሚኒቲው እናቅርበው።»

አቀረበውም። ሁሉንም ጠርቶ፣ «ትርንጎ ሰሊጡ እየረገፈ ስለሆነ ይቁም ትላለች። ከትርንጎ ጋር የሚስማማ?» አለ።

አንድም እጅ አልወጣም። አባቴ ጢሙ ውስጥ ሰሊጥ እንዳለ እግሩን ያያል። አያ ጓዴ፣ «ልጅ ናት ጌታው፣ እንዳይቀየሙ» አሉ። አባቴ ደግሞ «ትንሽ ብትረግፍ ነው» አለ።

ናቲ ትከሻዬን መታ መታ አደረገ። «በዴሞክራሲ መሸነፍም አለ» አለኝ። አጽናናኝ እኮ! የማን ሰሊጥ እንደሆነ፣ የማን ትምህርት እንደሆነ ሳይጠይቅ አጽናናኝ።

ለምሳ ተበተንን። የቀረው የሚነሣው ፀሐይዋ ለካሜራ በምትመችበት አሥር ሰዓት ላይ ነው ተባለ። እኔ ምግብ አልወረደልኝም። ደብተሩን ይዤ ራኩባው ጀርባ ተቀመጥሁ። መጀመሪያ አለቀስሁ፤ እሱን አሳጥረዋለሁ። ከዚያ ንዴቱ ሲመጣ፣ በንዴቱ ውስጥ አንድ ነገር ጥርት ብሎ ታየኝ። እነዚህ ሰዎች እንግዳው የፈለገውን ሁሉ ያጸድቃሉ። እንግዳው ደግሞ የሚፈልገው ከማኅበረሰቡ የመጣ ነገር ነው፤ ሰባት ቀን ሙሉ በባዶ ደብተር ላይ እሱን ሲጠብቅ ኖሯል። እንግዲያው ማንንም ማሳመን አያስፈልገኝም። እንግዳው የሚፈልገውን እኔ ብፈልግለትስ?

ደብተሩን ከፈትሁ። መጀመሪያ «ትርንጎ እንዲህ ትላለች» ብዬ ጻፍሁ። ቀጥሎ የሚሆነው ታየኝ፤ «ከትርንጎ ጋር የሚስማማ?» ይላል፣ እግር ይታያል፣ ትከሻዬ ይመታል። ገጹን ቀድጄ በላሁት። እውነቴን ነው፣ በላሁት፤ የምደብቅበት ኪስ አልነበረኝም። አዲስ ገጽ ላይ «ከማኅበረሰቡ የቀረበ ሐሳብ» ብዬ ጀመርሁና እንዲህ ጻፍሁ።

«ሰሊጥ ቆሞ አይናገርም። የሚናገረው ሲገለበጥ ነው። እያንዳንዱ ቤት ሸራውን ያምጣ። ሸራው በሂላው ሥር፣ ሂላው በቆመበት ቦታ ይነጠፍ። የመንደሩ ሰው ሁሉ በአንድ ቃል፣ በአንድ ጊዜ ይገልብጠው። ያን ጊዜ ከጉብታው ላይ የሚያይ ሰው፣ መሬት ዐይኗን ስትገልጥ ያያል።»

የመጨረሻዋን መስመር ስጽፍ ራሴን ታዘብሁ። መሬት ዐይን የላትም። የናቲን አነጋገር ሰባት ቀን ስሰማ ተምሬው ኖሯል። ግን ምን ልበላችሁ፣ ያቺን መስመር ስጨርስ ከእንባዬ በላይ ሳቄ መጣ። በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ማንም ያልነገረኝን ነገር ጻፍሁ።

ናቲ ከምሳ በኋላ እንደ ልማዱ መጣ። «ዛሬም ሐሳብ የለም?» አለ። ደብተሩን ሰጠሁት። አነበበ። ባርኔጣውን አወለቀ። እንደገና አነበበ።

«ማነው ያለው?» አለኝ ቀስ ብሎ።

«ማኅበረሰቡ።»

«እሺ፣ ግን በትክክል ማን?»

«ምሳ ላይ እየተጨዋወቱ ነው። አንዱ ጀመረው፣ አንዱ ጨረሰው» አልሁ። ይህን ስል ፊቴ እንኳ አልቀላም።

«ሰባት ቀን ይሄን ነበር የምጠብቀው» አለ። ዐይኑ ውኃ ሞላ። «ለካ ፕሮሰሱ ይሠራል።»

መንደሩ ተሰበሰበ። ናቲ ጽሑፉን በተሰበረ ድምፅ አነበበላቸው። ሰው እርስ በርሱ ተያየ፤ ሁሉም ሌላው ያለው መስሎታል። አባቴ ግን ማንንም አላየም፤ እኔን አየ። የሰፈሩን ሰው አነጋገር ሁሉ ያውቃል፤ «መሬት ዐይኗን ስትገልጥ» የሚል ገበሬ እንደሌለን ያውቃል።

«የተስማማ?» አለ ናቲ።

እንዲያ ያለ እጅ አይቼ አላውቅም። ሁለቱን ያወጣ ነበር። ተነሥቶ ያወጣ ነበር። ማሳው ዳር የተቀመጠው ደሳለኝም እጁን አውጥቶ፣ «እንዲህ ከሆነ እኔም መርጫለሁ» አለ። ለመጀመሪያ ጊዜ ቆጠርሁት።

አሁን በጣም የምንቀውን ነገር ልንገራችሁ። በዚያ ሳምንት የሁሉም ሰው ሰሊጥ ደርሷል፤ ሸራም ጉልበትም የሚያበድር የለም። አባቴ አያ ጓዴን ሸራ እንዲያውሱት ከአራት ቀን በፊት ለምኗቸው፣ «እኔስ በምን ላራግፍ?» ብለውት ተመልሷል። ደቦ ቢጠራ አንድ ሰው አይመጣለትም ነበር። ለፊልሙ ሲባል ግን አያ ጓዴ ሸራቸውን ተሸክመው እየሮጡ መጡ። በዚያ ዕድሜ እየሮጡ! ሌላውም መጣ። አልጋ ላይ የነበረ ሸራ፣ በርሜል የሸፈነ ሸራ፣ ከሱዳን የመጣ አዲሱ ከነእጥፋቱ ሸራ፣ ሁሉም የአባቴ ሂላ ሥር ተነጠፈ።

ናቲ ጉብታው ላይ ሆኖ ባርኔጣውን አወዛወዘ። አያ ጓዴ «በሉ!» አሉ። መንደሩ በአንድ ጊዜ ገለበጠ።

ድምፁን ብጽፈው ደስ ይለኝ ነበር። በቆርቆሮ ላይ የሚዘንብ ዝናብ ብላችሁ ጀምሩ፤ ዱላው ሲመታ ደግሞ ዝናቡ ይወፍራል። አቧራው ተነሥቶ ማሳውን ሁሉ ሸፈነው። ሰው አይታይም፤ ማስነጠስና ሳቅ ብቻ ይሰማል። እናቴ አንዱ ሸራ ላይ ተንበርክካ ፍሬውን በሁለት እጇ ስታፍስ አየኋት። አባቴ አጠገቤ መጥቶ ቆመ። ላብና ሰሊጥ ፊቱ ላይ ተለጥፏል። ሸራው ላይ የተከመረውን ብዙ ጊዜ አየ።

«ባይኔ አየሁ» አለ። ወዲያው ዱላውን አንሥቶ ሄደ።

ፀሐይዋ ሳትወርድ ሥራው አለቀ። በስድስት ቀን የሚያልቅ ሥራ ነበር። ናቲ ከጉብታው አቧራ ለብሶ ወረደ፤ ያገኘውን ሁሉ አቀፈ። ከዚያ ፊቱ ትንሽ ጠቆረ። አቧራው ካሜራውን ስለሸፈነው ምንም አልተቀረጸም አለ። «አንድ ጊዜ ብቻ ብንደግመው?»

ሰዉ የተራገፈውን ነዶ አየ። ባዶ አገዳ ነው። አያ ጓዴ ናቸው መጀመሪያ የሳቁት። እጃቸውን አወጡ። አባቴ ሁለቱንም እጁን አወጣ። መንደሩ ፀሐይዋ እስክትጠልቅ ድረስ በሳቅ እየተንፈራፈረ ባዶውን አገዳ ገለበጠ፣ መታ፣ አራገፈ። በሙሉ ድምፅ።

ናቲ በማግስቱ ሄደ። ከአሥራ አንዱ ሂላ የፈሰሰውን እናቴ ከአፈሩ ጋር እየጠረገች፣ እያንተረተረች ብዙ ቀን ደከመች። የተመለሰው ጥቂት ነው፤ የቀረው ለጉንዳንና ለወፍ ሆነ። ለዚያ ነው ገንዳ ውኃ የገባሁት ያለ ፍራሽ። ግን ገባሁ። ምዝገባው ሊዘጋ ሁለት ቀን ሲቀረው።

በዓመቱ፣ አሥረኛ ክፍል ሆኜ፣ ፊልሙ ገንዳ ውኃ በአንድ አዳራሽ ይታያል ተባለ። ከሰዓት ከትምህርት ቤት በዩኒፎርም ሄድሁ። መስኮቶቹ በብርድ ልብስ ተጋርደዋል። ጀርባችን መጣ። አያ ጓዴ ከነድንጋያቸው መጡ። ከዚያ ማሳችን መጣ፤ መንደሬ ነዶ እየገለበጠ ይስቃል። አንዲት ፍሬ አትወርድም። ባዶው አገዳ ነው! አዳራሹ ውስጥ ሰው «እንዴት ያምራል» ይላል። አጠገቤ ያሉ ሴትዮ ዐይናቸውን ጠረጉ። እኔ አፌን በመሀረብ ይዤ በሳቅ ፈረጥሁ።

ሲያልቅ ጽሑፍ ወጣ። ካሜራ፣ ናትናኤል። ቅንብር፣ ናትናኤል። ዳይሬክተር፣ ናትናኤል። ሐሳብ፣ ማኅበረሰቡ።

ሳቄ ቆመ። ማኅበረሰቡ የሚለውን የጻፍሁለት እኔው ነኝ፤ በገዛ እጅ ጽሑፌ።

ናቲ መድረክ ላይ ወጥቶ፣ እኔ ምንም አላደረግሁም፣ ሁሉንም የወሰኑት እነሱ ናቸው አለ። ከዚያ ጥያቄ ያለው እጁን ያውጣ ተባለ። አወጣሁ። በዚህ ጊዜ እጄን ማን እንዳዘዛት ዐውቃለሁ።

«ያ ሐሳብ የኔ ነው» አልሁ። «ደብተሩ ላይ የጻፍሁት እኔ ነኝ። ማንም አልነገረኝም። የአባቴን ሰሊጥ እንዳያስጨርሱት ብዬ ነው።»

ናቲ ዐወቀኝ። ፊቱ በራ። እጁን ደረቱ ላይ አደረገና ወደ ሰዉ ዞረ። «አያችሁ?» አለ። «እያንዳንዱ ሰው ሐሳቡ የራሱ እንደሆነ ይሰማዋል። ኮላቦሬሽን ማለት ይሄ ነው።»

አዳራሹ አጨበጨበልኝ። ቁጭ አልሁ።

እናንተ የምታነቡኝ ሰዎች፣ ናቲን ብቻ ንቃችሁ እንዳትጨርሱ። እሱ ሰሊጥ ምን እንደሆነ አያውቅም ነበር። እኛ ግን እናውቅ ነበር። እሱን እያፈርን የአባቴን እንጀራ መሬት ላይ ያፈሰስነው እኛ ነን፤ አንዷ እኔ ነኝ። ከዚያ ወዲህ ሰው በተሰበሰበበት «የተስማማ እጁን ያውጣ» ሲባል፣ ሁለቱንም እጆቼን ከጭኔ ሥር አስገብቼ እቀመጥባቸዋለሁ። አስቤ ስጨርስ አወጣቸዋለሁ፤ ወይም አላወጣም። ክፍል ውስጥ ይስቁብኛል። ይሳቁ።

ሌላው የተለወጠው ነገር ይኸው እጃችሁ ላይ ነው። አንድ ገጽ አርባ ሰው እንደሚያስነሣ በአሥራ አምስት ዓመቴ ዐይቻለሁ፤ ከዚያ በኋላ የሌላ ሰው ማመልከቻ ብቻ እየጻፍሁ መኖር እንዴት ይሆንልኛል? ይህን ጽሑፍ ለአባቴ አነበብሁለት። «የአያ ጓዴን ነገር ብታወጭው ምናለ፣ ያፍራሉ» አለኝ። እናቴ፣ «የኔን እጅ ግን ተይው፣ እውነት ነው» አለች። ሁለቱንም እንዳሉ ተውኋቸው። ለማንም ድምፅ አላቀረብሁትም።

ሐሳብ፣ ትርንጎ ሙላው። ጽሑፍ፣ ትርንጎ ሙላው። የተቃወመ እጁን ያውጣ።